ማንም አይደለችም

ባዶ አዳራሽ ወሬ አይችልም። ብታስል እንኳ ያንተኑ ሳል ተቀብሎ መልሶ ያስልብሃል። መቃ ይህን ከማንም በላይ ያውቅ ነበር።

መቃ ያሉት የባንዱ ልጆች ናቸው። ረጅምና ቀጭን ነው፤ ሲዘፍን ደግሞ ንፋስ የመታው መቃ ይመስል ወዲያ ወዲህ ይወዛወዛል። ያን ዕለት ከሰዓት በኋላ መድረኩ መሃል ማይኩን ጨብጦ ቆሟል። ከአዳራሹ መጨረሻ፣ ከሚክሰሩ ኋላ የተቀመጠው የድምፅ ባለሙያ እጁን እያውለበለበ ይጮኽበታል። ይህን ሰው ደግሞ ጆሮው ነው የሚሉት።

“አውራ እንጂ!”

“ምን ላውራ?”

“የፈለግከውን! ሰላም በለኝ፣ ስደበኝ፣ ብቻ ዝም አትበል። ኢኮውን ላስተካክልበት።”

“ሄሎ፣ ሄሎ… ጆሮው ጆሮ የለውም… ሄሎ…”

ከኋላ ከበሮውን የሚያጠብቀው ድራመር በሳቅ ፈረሰ። እሱን ዶፍ ይሉታል፤ አንዴ መውረድ ከጀመረ የሚያቆመው የለም።

“ቆይ፣ ይሄ ገመድ አስቸግሮኛል” አለና ጆሮው ማይኩን ዘግቶ ጠረጴዛው ስር ገባ።

የዚያ ቀን ምሽት ለእነ መቃ እንዲሁ ምሽት አልነበረም። ዓመታቸውን የጨረሱት በየሰርጉ የሌላ ሰው ዘፈን ሲዘፍኑ ነው። በየሆቴሉ “ልጆች፣ ድምፁን ቀነስ አድርጉት፣ እንግዶች እየበሉ ነው” ሲባሉ ኖረዋል። አምፕሊፋየራቸው ዘፈን መሃል ሲጨስ፣ ጭሱን በእጃቸው እያራገቡ ጨርሰው ወርደዋል። አንዱ ኪቦርዲስታቸው ባንክ ተቀጠረ፤ ሌላው አግብቶ ጠፋ። ዛሬ ግን ትኬት ቆርጦ ለሚመጣ ሰው የገዛ ራሳቸውን ዘፈን ሊዘፍኑ ነው። ከሌሎች ባንዶች ጋር በተራ ነው፤ ቢሆንም ካሴት ቤት ያለው አሳታሚ ከፊት ረድፍ ይቀመጣል ተብሏል።

አዳራሹ በር አጠገብ፣ ብርሃን በሚገባበት በኩል፣ አንዲት ልጅ ተንበርክካ የቤዚስቱን ሱሪ ታሳጥራለች። ስፒሎቹን በከንፈሯ ይዛቸዋለች። የባንዱ ልጆች መርፌ ነው የሚሏት፤ ትንሽ ናት፣ ምላሷም ይወጋል። ልብስ ሰፊ ናት።

መቃና መርፌ የተዋወቁት በግድግዳ በኩል ነበር። ባንዱ የሚለማመድባት ጠባብ ክፍል ከመርፌ አክስት ልብስ ስፌት ቤት ጋር በአንድ ግድግዳ ትዋሰናለች። የእንቁላል ካርቶን ቢለጥፉበትም ድምፁ ያልፋል። ዶፍ “ያቺ የስፌት መኪና ምቱን አበላሸችብኝ! አንድ ሰው ሄዶ ዝም ያሰኛት!” እያለ ይበሳጫል። አንድ ቀን መቃ ሊያናግራት ተነሳና በሩ ላይ ቆም ብሎ አዳመጠ። እነሱ ቀስ ያለ ዘፈን ሲጫወቱ የመኪናው ድምፅም ቀስ ይላል። ሲያፈጥኑ እሱም ይፈጥናል። ከግድግዳው ማዶ አንዲት የማያውቃት ልጅ እግሯን በእነሱ ዘፈን ላይ ታሳርፋለች ማለት ነው። ሊቆጣ የሄደው ልጅ ቃል ጠፍቶበት ተመለሰ። በማግስቱ ቁልፉ ያልላላ ሸሚዝ ይዞ ሄደና “ቁልፉ ላላብኝ” አላት። ቁልፉን ሳብ አድርጋ አየችው። እሱንም አየችው። “እስከ ነገ ይላላል፣ ነገ ና” አለችው።

ከዚያ ወዲህ ባንዱን አንድ ላይ የያዘችው እሷ ናት ቢባል ማጋነን አይሆንም። የስፒከሮቹን ልባስ፣ የጊታሩን ከረጢት የሰፋችው እሷ ነበረች፤ ለዛሬው ምሽት ደግሞ ለሁሉም አንድ ዓይነት ጥቁር ሰማያዊ ኮት። መቃ ለእሷ ያላደረገላት አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ከእናቱ ጋር ማስተዋወቅ። “የሰርግ ወቅት ይለፍ” አላት። “አምፕሊፋየሩ ይጠገን” አላት። በመጨረሻም “ከኮንሰርቱ በኋላ” አላት።

“እኔ ከባንዱ ዕቃ በኋላ ነው እንዴ የምጫነው?” ብላ ስቃ ነበር። ሳቋ ግን ዓይኗ ጋ አልደረሰም።

እናቱ የትምህርት ቤት ዳይሬክተር ነበሩ። ጡረታ ከወጡም በኋላ ሰፈርተኛው ዳይሬክተሯ ነው የሚላቸው። በአንድ ቃል ግቢ ሙሉ ተማሪ ፀጥ ያሰኙ ሴት ናቸው። አንድ ልጃቸውን ብቻቸውን አሳድገው ኮሌጅ አስጨረሱት። እሱ ያገኘውን የቢሮ ሥራ ትቶ ማይክ ሲጨብጥ ስለ ዘፈን አንድም ቃል መጠየቅ አቆሙ።

እኚህ ሴት ናቸው እንግዲህ፣ ማንም ሳይጠራቸው በመድረኩ ጎን በር ገብተው ከመድረኩ ግርጌ ቆመው የተገኙት።

“እማዬ!” መቃ ማይኩን ደረቱ ላይ ለጠፈና ጎንበስ አለ።

“ማታ ሰው ይበዛል። ቀን ልይህ ብዬ ነው።” ዙሪያውን ቃኙ። “ይሄ ሁሉ ዕቃ የእናንተ ነው?”

“የኪራይ ነው። ጊታሮቹ የኛ ናቸው።”

“ኮቱ አምሮብሃል።” እጅጌው ላይ ለጊዜው የተያያዘበትን ነጭ ክር አዩት። “አላለቀም እንጂ። ማን ሰፋው?” መልሱን ሳይጠብቁ ወደ በሩ ዞሩ። “ያቺ ልጅ ናት? ከገባሁ ጀምሮ ቀና ባለች ቁጥር የምታየው አንተን ነው። ማናት?”

መልሱ ምላሱ ጫፍ ላይ ነበር፤ ደግሞም አጭር ነበር። ግን እናቱ ለመጀመሪያ ጊዜ መምጣታቸውን አየ። ለክብር ቀን የሚለብሱትን ካፖርት ለብሰዋል። ፊታቸው ፈገግ ሊል ምንም አልቀረው። መርፌ ደግሞ ተንበርክካለች፤ ጉልበቷ አቧራ ይዟል፤ አፏ በስፒል ተሞልቷል። ዛሬ ዘፈኑን ብቻ ይቀበሉ፣ ሌላው ይደርሳል ሲል አሰበ። ማይክ በእጁ መሆኑን ረሳው። ለአዲስ ዘፋኝ ሁሉ “ማይክ ከያዝክ ክፍት ነው ብለህ ቁጠር” እያለ የሚያስተምረው እሱ ራሱ ነበር።

“ማንም አይደለችም እማዬ” አለ። “ልብስ የምትሰፋልን ናት። ሥራዋን ጨርሳ ትሄዳለች።”

ጆሮው ከጠረጴዛው ስር ወጥቶ ድምፁን ከፍ ያደረገው ልክ በዚያች ቅጽበት ነው።

ማንም አይደለችም… አይደለችም… ደለችም…

አዳራሹ ከግራም ከቀኝም ተቀበለው። በሕይወቱ ድምፁ እንደዚያ አምሮ ወጥቶ አያውቅም። የጠራ፣ የሞቀ፣ ከወንበር ወንበር እየተንከባለለ እስከ በሩ የሚደርስ ድምፅ ነበር። ጆሮው ከሚክሰሩ መብራቶች ላይ ዓይኑን ሳያነሳ “እሱ ነው! አሁን ገባልኝ!” ብሎ ጮኸ። ከዚያ ማንም እንዳልመለሰለት አስተዋለና ቀና አለ።

መርፌ ስፒሎቹን ከከንፈሯ እያወጣች አንድ በአንድ መሰኪያው ላይ ሰካቻቸው። ለቤዚስቱ “ዙር” አለችው። ምስኪኑ ቤዚስት የገዛ ጥፋቱ ይመስል አንገቱን ደፍቶ ዞረ። ሁለተኛውን እግር ለካች፣ አጠፈች፣ ሰካች። ከዚያ ሜትሯን ጠቅልላ፣ ጉልበቷን አራግፋ ተነሳች።

ልክ እሱ እንዳለው፣ ሥራዋን ጨርሳ ሄደች።

* * *

ስፌት ቤቱ ሲደርስ አክስትየው ካውያ ይዘው ኮሌታ ይተኩሳሉ። መቃ ያን ነጭ ክር የተንጠለጠለበትን ኮት እንደለበሰ ሮጦ ነው የመጣው። ላቡ ባንገቱ ይወርዳል።

“ምነው ልጄ፣ ምን አባረረህ?”

“ደንበኛ ናቸው አክስቴ” አለች መርፌ፣ ከመኪናው ቀና ሳትል። “እጅጌያቸው አላለቀም። ይግቡ፣ እዚህ ጋ ይቁሙ።”

አክስትየው አንዴ ልጅቷን፣ አንዴ መቃን አዩ። ካውያውን ነቀሉ። “ይሄ ካውያ ይቀዝቅዝ፤ እኔም ወጥቼ ልቀዝቅዝ” ብለው ነጠላ ጫማቸውን እየጎተቱ ወጡ።

“ስሚኝ…”

“እጅዎን ዘርጋ ያድርጉልኝ።”

“እባክሽ እንዲህ አታድርጊ። እኔ እኮ ነኝ!”

“ማን ነዎት? እኔ ማንም ካልሆንኩ እርስዎ የማን ማን ነዎት?”

መርፌዋን እጅጌው ላይ ስትሰድ ቆዳው ሊነካ ተቃረበ። ቢወጋው ደስ ይለው ነበር። አልወጋችውም። ሥራዋ ላይ ናት።

“እማዬ ዘፈን አልቀበል ብላ ዓመታት አልፈዋል” አለ መቃ። “ዛሬ በገዛ እግሯ መጣች። ነገሩን አንድ በአንድ ላድርገው ብዬ ነው። መጀመሪያ ባንዱን፣ ከዚያ አንቺን…”

“ፈርተህ ነው?”

‘አዎ፣ ፈርቼ ነው’ ቢል ምናልባት ታልፈው ነበር። ፍርሃት ሁሉም ቤት አለ። እሱ ግን እሷን ዳግመኛ መዋሸት አልሆንልህ አለው።

“አፈርኩ።”

የመርፌ እጅ ቆመ። ከግድግዳው ማዶ፣ ከባዶው የልምምድ ክፍል፣ ምንም አይሰማም።

“በምኔ?” አለች ቀስ ብላ።

“ተንበርክከሽ አየሁሽና…”

“ለማን ነበር የተንበረከክሁት? ለአንተ ባንድ አይደለም? መድረክ ስትወጣ አንተ እንዳታፍር እኮ ነው መሬት ላይ የተንፏቀቅሁት!” ክሩን ሳብ አድርጋ አጠበቀችው። “እኔ ባንተ አፍሬ አላውቅም። አክስቴ ‘ሥራ የሌለው ዘፋኝ’ ስትልህ ሥራው ዘፈን ነው ብዬ ስከራከር ነው የኖርኩት።”

መቃ ቀና ብሎ ሊያያት አልቻለም። ግድግዳው ላይ የተሰቀሉትን የሰው ልብሶች አየ፤ ሁሉም ጀርባቸውን የሰጡት መሰለው።

“ማታ እክሰዋለሁ” አለ ድንገት። “መድረክ ላይ፣ ሰው ሁሉ ፊት፣ ማይኩን ይዤ ስምሽን ጠርቼ…”

“እንዳታደርገው!” አለችና ለመጀመሪያ ጊዜ ዓይኑን አየችው። “ሰዉ ያጨበጭብልሃል። ‘ወይ ልብ! ወይ ፍቅር!’ ይሉሃል። የተዋረድኩት እኔ፣ የሚጨበጨብልህ አንተ። ስሜን በማይክ ከጠራህ ዳግመኛ አታየኝም። ያፈርከው እናትህ ፊት ነው፤ እናትህ ደግሞ ያለ ስፒከር ይሰማሉ።”

ስፌቱን ቋጨች። ሌላ ጊዜ ቢሆን ክሩን በጥርሷ ነበር የምትበጥሰው፣ ጉንጯ ትከሻውን እየነካ፣ እሱ ትንፋሹን ይዞ። ዛሬ መቀሱን አነሳች።

* * *

እናቱን ደውሎ ማታም እንዲመጡ ለመናቸውና የአዳራሹ በር ላይ ጠበቃቸው። ሰው መግባት ጀምሯል። ዶፍ ከውስጥ “አንተ መቃ፣ ልብስህን አስተካክል፣ ሰውዬው መጥቷል!” እያለ ይጠራዋል። መቃ አልሰማውም። እናቱ ያንኑ የቀኑን ካፖርት ለብሰው፣ ቦርሳቸውን በሁለት እጅ ይዘው መጡ።

“እማዬ፣ ቀን የዋሸሁሽ ነገር አለ።”

“አውቃለሁ። አዳራሽ ሙሉ ነው የዋሸኸው።”

“የምወዳት ልጅ ናት። ሁሌ ‘ከዚህ በኋላ፣ ከዚያ በኋላ’ እያልኩ ስደብቃት ቆየሁ። ማንም አይደለችም ያልኩት አፍሬ ነው።”

እናቱ ቦርሳቸውን ከአንድ እጅ ወደ ሌላው አዛወሩ። ሰው በመካከላቸው እየተሽሎከለከ ይገባል።

“በማን ነው ያፈርከው?” አሉ። “በእሷ ነው በእኔ?”

“በአንቺማ…”

“ቆይ፣ አስብበት። ልብስ ሰፊ ፊቷ እንዳትቀርብ የምትከለክል ምን ዓይነት ሴት አድርገህ ነው የምታየኝ? ያን ሁሉ ዓመት ያስተማርኩት የማንን ልጆች ነው? ቀን እዚያ ቆሜ በልጅቷ አላፈርኩም። ለካ ልጄ እንዲህ ነው የሚያውቀኝ ብዬ አፈርኩ።”

መቃ ጫማውን አየ። እናቱ ግን አልጨረሱም፤ ድምፃቸው ያ ግቢ ፀጥ የሚያሰኘው ድምፅ አልነበረም።

“ዘመዶች ስልክ ደውለው ‘ልጅሽ ምን ይሠራል?’ ሲሉኝ ‘ሥራ እየፈለገ ነው’ እላለሁ። ዘፋኝ ነው ማለት ከአፌ አልወጣ ብሎኝ። ሰምተኸኝ ታውቃለህ?”

ሰምቶ ያውቃል። አንድ ጠዋት በራፉ ላይ ጫማውን እያሰረ ሰምቷቸው፣ ጫማውን ሳያስር ወጥቶ ነበር። ያ ነገር እንዴት እንዳቃጠለው አስታወሰ። ዛሬ ያንኑ እሳት አንስቶ ሌላ ሰው ላይ አኖረው።

“ሰምቻለሁ እማዬ።”

“እንግዲያው ከኔ ነው የተማርከው” አሉ። እናትና ልጅ እዚያው በር ላይ ሁለቱም መሬት መሬቱን እያዩ ቆሙ። የሁለቱም ፊት አንድ ዓይነት ነበር፤ ያየ ሰው ጠብ ወይም ለቅሶ ያለ ይመስለዋል። በመጨረሻ እናቱ የኮቱን ኮሌታ አስተካከሉለት። “ግባ በቃ። ዘፋኝ አይደለህ?”

መድረክ ላይ ሲወጡ ሰው አጨበጨበ። መርፌ እንደ ሁልጊዜዋ ከኋላ፣ በሩ አጠገብ፣ መርፌና ክሯን ይዛ ተቀምጣለች፤ ቁልፍ ቢበጠስ፣ ስፌት ቢለቅ ብላ። ትመጣለች ብሎ አላሰበም ነበር፤ ግን መጥታለች። ማይኩ እጁ ላይ እሳት ሆነበት። ስሟ ጉሮሮው ድረስ መጣ። ዋጠው። ባዘዘችው መሠረት ዘፈኑን ብቻ ዘፈነ።

ያንን ቀስ ያለውን ዘፈን ሲጀምሩ እናቱ ከፊት ረድፍ ተነሱ። ለመቃ ጥለው የሚወጡ መሰለው። እሳቸው ግን በመተላለፊያው ቀጥ ብለው ሄዱ፣ ሄዱና መጨረሻው ረድፍ ደርሰው መርፌ አጠገብ ያለውን ወንበር በእጃቸው አሳይተው የሆነ ነገር ጠየቋት። መርፌ ብድግ አለች። ተቀመጡ። መቃ ሁለተኛው ስንኝ ጠፋው። አፉን ከፍቶ ቆመ። ዶፍ ነገሩ ገብቶት እንደ ስሙ ወረደበት፤ ከበሮውን ሳያቋርጥ እየደበደበ፣ ቤዚስቱም እየተከተለው፣ ስንኙ እስኪመለስ ያዙለት። ሰዉ ሆን ብለው ያደረጉት መስሎት ጮኸ።

ሲያልቅ አሳታሚው መጥቶ ጨበጣቸውና “እንነጋገራለን” አላቸው። ይህችን ቃል በየሆቴሉ በረንዳ ሲሰሟት ኖረዋል። ዶፍ ግን “አባባሉ ይለያል! ዓይኑን አይታችሁታል?” እያለ ይዘላል። መቃ ከመድረክ ጀርባ ኮቶቹን ወደሚሰበስቡበት ሄደ። መርፌ እያጣጠፈች ነበር። የሱን ኮት አውልቆ በሁለት እጁ ሰጣት።

“ነገርኳት” አላት። “ያለ ማይክ።”

“ነግረውኛል።”

“ምን አለችሽ?”

መርፌ የኮቱን ትከሻ በእጇ አለሰለሰች። “‘ልጄን ወክዬ ይቅርታ ልጠይቅሽ አልመጣሁም፤ ይቅርታው የራሱ ዕዳ ነው’ አሉኝ። ‘እኔ የመጣሁት ስምሽን ልጠይቅሽ ነው’ አሉ።” ኮቱን አጠፈችው። “ነገርኳቸው። ከዚያ ዘፈኑ እስኪያልቅ አልተነጋገርንም።”

“እኔስ?” አለ መቃ። “እኔን…”

“ዛሬ አትጠይቀኝ። ጆሮዬ ውስጥ አሁንም ያ ድምፅህ አለ። ምን አለ መጥፎ ድምፅ በነበረህ!”

ኮቶቹን ታቅፋ ወጣች። ከኋላዋ አልተከተለም። ለመከተል የሚያበቃ ፊት አልነበረውም።

በማግስቱ ልምምድ ነበረ። ዶፍ ስለ አሳታሚው ያወራል፣ ቤዚስቱ የጊታሩን ክር ያጠብቃል። መቃ ጆሮውን ግድግዳው ላይ ጥሎ ቆሟል። ከማዶ ምንም የለም። የጀመሩትን ዘፈን ዘፈነ፤ ምንም የለም። ሌላ ደገሙ፤ ያው ነው። ምናልባት ሄዳ ይሆናል፤ ምናልባት አለች፣ ግን እግሯን መርገጫው ላይ ማሳረፍ አልፈለገችም። ድምፁ አለቀበትና ማይኩን አስቀመጠ።

ያኔ ነው የስፌት መኪናው የጀመረው።

ከማንም ዘፈን ጋር አይሄድም ነበር። ዝግ ያለ፣ እየቆመ የሚነሳ፣ የራሱን መንገድ የሚሄድ ምት ነው። አብራቸው ይሁን፣ እንዲሁ የሰው ልብስ እየሰፋች ይሁን፣ በምንም አይታወቅም። ሄዶ ለመጠየቅም አፈረ።

ዶፍ በልማዱ “ይቺ መኪና ደግሞ…” ብሎ ሊጀምር ሲል መቃ እጁን አንስቶ ዝም አሰኘው።

“ተከተላት” አለው።

“ማንን?”

“እሷን። እስከዛሬ እሷ ናት የተከተለችን።”

ዶፍ የሆነ ነገር ሊል አፉን ከፈተ፤ የጓደኛውን ፊት አየና ተወው። በትሮቹን ዝቅ አድርጎ አዳመጠ። መኪናው ሲቆም ቆመ፣ ሲነሳ ቀስ ብሎ ተነሳ። ቤዚስቱም ገባ። መቃ ማይኩን አላነሳም። ግንባሩን የእንቁላል ካርቶኑ ላይ አስደግፎ፣ ከግድግዳው ማዶ ለሚሰማ ያህል ብቻ፣ በባዶ ድምፁ መዝፈን ጀመረ። መኪናው ቆመ። መቃም ቆመ፤ አንድ ሰው ከማዶ የሚተነፍስ ይመስል እያዳመጠ፣ እግሯ መርገጫውን ዳግመኛ እስኪነካ ጠበቃት።